የምንጨፍርበት ወለል

እህቶቼ፣ ስለ ሰርግ ዝግጅት አንድ ነገር ንገሪን ስትሉኝ፣ ስለ ቬሎና ስለ ኬክ የሚናገር አይጠፋም ብዬ እኔ ወለሉን መረጥኩ። የምንጨፍርበትን ወለል ማለቴ ነው። ሳቁ፣ ግድ የለም። ግን እስቲ አስቡት፣ ከሰኞ እስከ ቅዳሜ ወለል የምናጥብ እኛ ነን። ባላጡን፣ ሩካሙን፣ ባርኬውን ከማዳም ይልቅ እናውቀዋለን። የትኛው ሲረጥብ እንደሚያዳልጥ፣ የትኛው ላይ ቆመን ስንውል ጉልበታችንን እንደሚያመን እናውቃለን። የራሳችን ሰርግ ሲመጣ ግን አዳራሽ ገብተን ጣሪያና መብራት አይተን እንወጣለን፤ ወደ ታች የሚያይ የለም።

ከመካከላችን አንዷ በጥር ልታገባ ነው። ሁላችሁም ታውቋታላችሁ። ቦታ ስትመርጥ እኔን ጨምሮ ሦስት ሆነን ሁለት እሁድ አብረናት ዞርን። የተጠራው ሰው 80 ነው። ከዚያ ውስጥ ግማሹ ኮንትራት ናቸው፣ ማታ 12 ሰዓት ላይ አሠሪያቸው ቤት መገኘት አለባቸው። ይህን ያዙልኝ፣ ኋላ እመለስበታለሁ።

መጀመሪያ ያየነው ቡርጅ ሐሙድ አንድ ሕንፃ ላይ ሰገነት ነው። ዋጋው ጥሩ ነው፣ ነፋሱም ጥሩ ነው። ነገር ግን ጥር እዚህ አገር እንደ አገር ቤት ጥር አይደለም። አገር ቤት ጥር ፀሐይ ነው፣ ሰርግም የሚበዛው ለዚያ ነው፤ ከዚያ ሁዳዴ ይገባል። ቤይሩት ግን በጥር ይዘንባል። የሰገነቱ ወለል ደግሞ ውሃ እንዲወርድበት ወደ አንድ በኩል ዘንበል ተደርጎ የተሠራ ሲሚንቶ ነው። ተዳፋት ላይ እስክስታ ሲመታ አይታችኋል? ሰው ሁሉ ሳያውቀው ወደ ፍሳሹ ይሰበሰባል። ሲሚንቶ ደግሞ ደረቅ ነው፣ ስትዘዪ አይቀበልሽም፣ ምቱን መልሶ ለጉልበትሽ ይሰጥሻል። ከዚያም በላይ 6ኛ ፎቅ ነው። መብራት ሲሄድ ሊፍቱ ይቆማል፣ ሞተሩም ሊፍት የሚያነሳ መሆኑን ናቱሩ ሊነግረን አልቻለም። ድስቱን ማን ያወጣዋል?

ሁለተኛው እዚሁ አሽራፊዬ ያለ የአንድ ሰው ሰፊ ቤት ነው። የድሮ ቤት፣ ጣሪያው ከፍ ያለ፣ መስኮቱ ቅስት፣ ወለሉ ባለ ስዕል ባላጥ። ሙሽራዋ ስታየው ዓይኗ በራ፣ እውነትም ያምራል። እኔ ግን ግድግዳው ላይ ያለውን ስንጥቅ ሳይ ቆየሁ። በ2020 ኦገስት 4 ወደቡ ሲፈነዳ እዚህ የነበራችሁ ታውቃላችሁ፣ በዚህ ሰፈር ያልተናወጠ የድሮ ቤት የለም። የተጠገነውን በውጭ ቀለሙ አታውቂውም። 40 ሰው ባንድ ጊዜ ጉራጊኛ ሲረግጥ ወለሉ ምን እንደሚል እኔ መሞከር አልፈልግም። ከታች ደግሞ ጎረቤት አለ። ጎረቤት ሰርግ መሆኑን አያይም፣ የሚሰማው ጣሪያው ላይ የሚረገጠውን ብቻ ነው። ፖሊስ ቢጠራ ኢቃማ ያላት ቁጭ ትላለች። ከካፊሏ ቤት የወጣች እህታችን ግን በሂል ጫማ ደረጃውን ልትሮጥ ነው። እንግዳ ጠርተን እንዲህ አናደርጋትም። ስለዚህ ከበታቹ ሰው የሚኖርበትን ወለል ሁሉ ከዝርዝሩ አወጣነው።

ሦስተኛው ዳውራ አካባቢ ያለ የምግብ ቤት አዳራሽ ነው። ባለቤቱ በፍሬሽ ዶላር ነው የሚቀበለው። አዳራሹ መሬት ላይ ነው፣ ጎረቤት የለውም። ወለሉ ላይ የሙሽሮቹ ስም የታተመበት ነጭ ፕላስቲክ እንደሚያነጥፍልን ነገረን፣ ፎቶም አሳየን። እውነት ለመናገር ፎቶው ላይ ደስ ይላል። እኔ ከሚጠጣው ውሃ ትንሽ ጠብ አደረግኩበትና የጫማዬን ሶል ጎተትኩ። እንደ ሳሙና ሄደ። ሰውዬው እንደ እብድ አየኝ፣ ይየኝ። እናንተም ቦታ ልታዩ ስትሄዱ ደረቅ ወለል ላይ ቆማችሁ አትመኑ። በሰርግ ቀን ውሃ ይፈሳል፣ ለስላሳ ይፈሳል፣ ወጥ ይንጠባጠባል። ለሰርጉ የምታደርጉትን ጫማ ይዛችሁ ሂዱና አርጥባችሁ ሞክሩ።

በኪራይ የሚመጣ የእንጨት ወለልም አለ፣ እርስ በርሱ የሚገጣጠም። ሊባኖሶች ሰርጋቸው ላይ ያስነጥፉታል። እንጨት ለጉልበት ከሁሉም ይሻላል፣ ትንሽ ይለግማል፣ ይቀበልሻል። የምትከራዩ ከሆነ ግን መጋጠሚያውን በመዳፋችሁ ዳስሱት። ቀጭን ሂል የሚገባበት ክፍተት ካለ ቁርጭምጭሚት ይሰብራል። ዳር ዳሩም ተዳፋት ካልተደረገለት የሐበሻ ቀሚስ የለበሰች ሴት ጫፉን አታይም፣ ትደናቀፋለች። ሰኞ ጠዋት እግሯ የተጠቀለለ ፍሪላንስ ማንም አይከፍላትም። ሥጋጃ ደግሞ ለመቀመጫ እንጂ ለጭፈራ አይሆንም፣ እግር ሲዞር እሱ አብሮ አይዞርም፣ ወይም ይሰበሰባል።

ስፋቱን ደግሞ በዓይን አትገምቱ። ከተጠራው ሰው ግማሹ ባንድ ጊዜ ይጨፍራል ብላችሁ ያዙ፣ ለአንድ ሰው ግማሽ ካሬ ሜትር ስጡ። ለ80 እንግዳ 20 ካሬ ሜትር ማለት ነው። ሜትር ባትይዙም ባላጡን መቁጠር ትችላላችሁ። ባላጡ 60 በ60 ከሆነ በአንድ ጎን 7፣ በሌላው 8 ቁጠሩ፣ ይበቃል። 30 በ30 ከሆነ 14 በ16። እስክስታ ትከሻ ነው፣ ሰው በቆመበት ይመታዋል። ጉራጊኛ ግን እግር ነው፣ ቦታ ይበላል። ትግርኛ ሲመጣ ክብ ሠርተን ስለምንዞር መሐል ላይ ምሰሶ ያለበት አዳራሽ አይሆንም። ሊባኖሳዊ እንግዶች ከመጡ ደብኬ አለ፤ ተያይዘው ነው የሚረግጡት። ደብኬ ድሮ የቤት ጣሪያ ጭቃ ለመጠቅጠቅ ሰፈሩ ተሰብስቦ ሲረግጥ የተጀመረ ነው ይላሉ። እኔ ይህን ስሰማ የኛ ዳስ ትዝ አለኝ። ጎረቤት ወጥቶ መሬቱን ይደለድላል፣ ውሃ ያርከፈክፋል፣ ቄጠማ ይጎዘጉዛል። ቄጠማ ካልኩ አይቀር፣ ባላጥ ላይ ተረግጦ ሲጨማለቅ ያዳልጣል። ቡናው ጋ ጎዝጉዙት፣ መጨፈሪያው ላይ አይሁን።

አሁን ወደ ኮንትራቶቹ ልመለስ። ብዙ ጊዜ የምናደርገው እንዲህ ነው። አዳራሹን በሙሉ ጠረጴዛ እንሞላዋለን፣ ሰው ይበላል፣ ከዚያ ጠረጴዛው ይነሳና ጭፈራ ይጀመራል። ሐበሻ ደግሞ በሰዓቱ አይመጣም። ጠረጴዛው ሲነሳ 11 ሰዓት ይሆናል። ያን ጊዜ ኮንትራቶቹ ቦርሳቸውን አንስተው ይወጣሉ። ስንት ሰርግ ላይ አየሁ፣ በር ላይ ቆማ በጫማዋ መሬቱን እየመታች፣ አንድ ዘፈን ብቻ ልስማ እያለች፣ ስልኳ ደግሞ የሚጠራ ልጅ። ለዚያ ቀን ፈቃድ ለማግኘት ስንት እሁድ ሳትወጣ የቀረች ልጅ ናት። በልታ ሄደች። እሷ ምግብ ብላ አልመጣችም፣ ምግቡንማ እዚያም ትበላለች።

ስለዚህ መጨፈሪያው መጀመሪያ ይለይ፣ ጠረጴዛው ከተረፈው ቦታ ይግባ። 80 ሰው ባንድ ጊዜ ካልተቀመጠ ሰርግ አይሆንም ያለው ማን ነው? ወንበር ዳር ዳር፣ ምግቡ በአንድ ጎን፣ ሰው በተራ ይብላ። የመጀመሪያዋ እንግዳ 8 ሰዓት ላይ ስትገባ ወለሉ ባዶ ሆኖ፣ ደርቆ፣ ሙዚቃው ተከፍቶ ይጠብቃት።

በመጨረሻ የመረጥነው እዚህ አሽራፊዬ አንድ ቤተ ክርስቲያን ሥር ያለውን አዳራሽ ነው። ከመሬት ነው፣ ከበታቹ ማንም የለም፣ ምሰሶ የለውም። ባላጡ አሮጌ ነው፣ ሳይወለወል የቆየ፣ አያበራም፤ ውሃ አፍስሼበት ሶሌ ያዘ። በአንዱ ጎን 9፣ በሌላው 15 ባላጥ ነው፣ 60 በ60። መጨፈሪያችንን ወስደን ለወንበርም ይተርፋል። ሙሽራዋ መጀመሪያ ፊቷ ትንሽ ከፋ፣ ግራጫ ነው፣ ፎቶ ላይ አያምርም አለች። እውነቷን ነው፣ አያምርም። ግድግዳው ላይ ነጭ ጨርቅ ዘርግተን አበባ እናደርግላታለን፣ ፎቶው እዚያ ይነሳል። እጮኛዋ ግን ወዲያው መሐል ገብቶ አንድ ሁለት ጊዜ ረገጠውና ይሄ ነው አለ።

የቀረው ሥራ ይህ ነው። ቅዳሜ ማታ የምንችል ፍሪላንሶች ሄደን እናጥበዋለን። አደራ፣ እንዲሸት ብላችሁ ሳሙና አታብዙ፣ ማብሪያም አትቀቡ። ሁለት ጊዜ በንጹሕ ውሃ ይታጠብና በደረቅ ጨርቅ ይወልወል። የኦርጋኑና የስፒከሩ ሽቦ በግድግዳው በኩል ይሂድ፣ መሐል የሚያልፍ ካለ በፕላስተር ይለጠፍ። አንድ ሰው ደረቅ ጨርቅ ይዞ ጥግ ላይ ይቁም፣ የፈሰሰውን ወዲያው የሚያነሳ። እሱን ሥራ በየግማሽ ሰዓቱ እንቀያየራለን፣ ኮንትራቶቹን ግን አታስገቡ፣ እነሱ ይጨፍሩ።

ኮንትራት የሆናችሁ፣ ከማዳም ፈቃድ ስትጠይቁ ከ8 ሰዓት ጀምሮ በሉ። ጠፍጣፋ ጫማ በላስቲክ ይዛችሁ ኑ። ቅዳሜ ለማጠብ የምትመጡ ከሻዩ በኋላ ስማችሁን ለኔ ንገሩኝ፤ ባልዲ አለ፣ የጎደለን ጨርቅ ነው።