ተረትን የሚያስኬደው ተቃርኖ
(በአባላት ጠቅላላ ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የምንናገረው ስለ ቁጠባ ሳይሆን ስለ ተረት ነው። አጀንዳው ሲወጣ «ለተረት ደግሞ ስብሰባ ያስፈልጋል ወይ?» ያላችሁ እንዳላችሁ ሰምተናል። ያስፈልጋል። ማኅበራችን በየዓመቱ ለደጋፊዎች ከሚልካቸው ጽሑፎች አንዱ የአባላት ታሪክ ነው። ታሪኩ የሚሞላበት ቅጽ ደግሞ ሁለት ሣጥን ብቻ አለው፤ «ከድጋፉ በፊት» እና «ከድጋፉ በኋላ» የሚሉ። በዚህ ቅጽ ላይ የምንለው አለን፤ ወደዚያ የምንደርሰው ግን በእናቶቻችን ተረት በኩል ነው።

ሐሳባችን አጭር ነው። ተረት የሚወለደው አብረው መኖር የማይገባቸው ሁለት ነገሮች አንድ ቤት ሲገቡ ነው። ይህን ተቃርኖ እንበለው። ብዙ ሰው ተቃርኖን መጨረሻ ላይ የሚፈታ ችግር አድርጎ ያየዋል። እኛ ግን ታሪኩን የሚያስኬደው እሱ ራሱ ነው እንላለን። ያውጡትና ይዩት፤ የሚነገር ነገር አይቀርም። ሐሳቡ የተገኘው ቡና ላይ ነው፤ ስም አላወጣንለትም።

ከእንቆቅልሽ እንጀምር። «እንቆቅልሽ» ስንባል «ምን አውቅልሽ» ብለን እንመልሳለን። ከዚያ ሌት ተቀን ሄዶ የማይደክመው ምንድን ነው ይባላል። ሄዶ የማይደክም ነገር የለም ብለን እናስባለን፤ ያ «የለም» ነው ጭንቅላታችንን የሚያሠራው። ወንዝ መሆኑ ከተነገረን በኋላ ጨዋታው ያልቃል። ያላወቀችው «አገር ስጪኝ» ስትባል ጎንደርን ወይም ሐረርን ትሰጣለች፤ አንድ ሜዳ መሬት የሌላት ልጅ አገር ስትሰጥ ማንም አይገርመውም።

አሁን ወደ ትልቁ ተረት። አብዛኞቻችሁ ታውቁታላችሁ፤ ሃሮልድ ኮርላንደርና ቮልፍ ሌስላው እ.ኤ.አ. በ1950 በእንግሊዝኛ ያሳተሙት የኢትዮጵያ ተረቶች መጽሐፍም ርእሱን የወሰደው ከዚሁ ተረት ነው። አንድ ሀብታም ጌታና አሽከሩ ይወራረዳሉ። አሽከሩ በብርዳም ተራራ አናት ላይ ያለ ልብስና ያለ እሳት አንድ ሌሊት ካደረ መሬትና ከብት ያገኛል። ፈርቶ አንድ ሽማግሌ ያማክራል። ሽማግሌውም «ከሸለቆው ማዶ ካለው ተራራ ላይ እሳት አነድልሃለሁ፤ እሱን እያየህ እደር» ይለዋል። አሽከሩ አደረ፤ ነጋለት። ጌታው ግን «እሳት አይተሃልና ውርርዱን ፈረሰ» አለው፤ ዳኛውም ለጌታው ፈረደ። በኋላ አንድ ሌላ ባለጸጋ ጌታውንም ዳኛውንም ግብዣ ጠርቶ፣ ምግቡን ከጓዳ ሳያስወጣ ሽታውን ብቻ አሸተታቸው። ሲያጉረመርሙም፣ ከሩቅ የታየ እሳት የሚያሞቅ ከሆነ የወጥ ሽታም ያጠግባል አላቸው። አሽከሩ ተከፈለው።

ሰው የሚስቀው በግብዣው ነው። እኛን የያዘን ግን ሌሊቱ ነው። እሳቱ አሽከሩን አላሞቀውም። እሳቱ ባይኖር ደግሞ ያቺን ሌሊት አያነጋትም ነበር። ሁለቱም እውነት ናቸው። የጌታው ክፋት ከሁለቱ አንዱን ብቻ አንስቶ መከራከሩ ነው። ሽማግሌውን ደግሞ ልብ በሉት፤ ማዶ ሆኖ ሌሊቱን ሙሉ እንጨት ሲጨምር አድሯል፤ ጠዋት ግን «ያሞቅሁት እኔ ነኝ» አላለም።

የአንበሳው ጠጉር ተረትም አለ። ሴትዮዋ የሚያስቸግራትን ባሏን (በአንዳንድ ቦታ የእንጀራ ልጇን ነው የሚሉት) የሚያለዝብ መድኃኒት ፈልጋ ወደ አዋቂ ትሄዳለች፤ የአንበሳ ጠጉር አምጪ ትባላለች። ቀን በቀን ሥጋ እየጣለች፣ በየጊዜው ትንሽ እየቀረበች ታመጣለች። አዋቂው ጠጉሩን ይጥለዋል፤ አንበሳን እንዳላመድሽ ሰውን አላምጂ ይላታል። የተፈለገው ነገር ሲገኝ የማያስፈልግ ይሆናል፤ ግን ሳይፈለግ ምንም አይገኝም ነበር። ተረቱ ሴትን ታገሺ ለማለት ሲነገር ኖሯል፤ በዚህ አጠቃቀሙ አንስማማም። አንበሳ ፊት የቆመች ሴት ቤቷ ገብታ አንገቷን ትድፋ የሚለው ነገር ተረቱ ውስጥ ያልተዘጋ ቀዳዳ ነው፤ ባልየው ለምን ጠጉር ፍለጋ እንዳልተላከም የሚጠይቅ የለም። በተነገረ ቁጥር የሚያከራክረን ግን ያ ቀዳዳ ስላለ ነው።

እንግዲህ ወደ ቅጹ። አንዲት አባላችን እንጀራ ጋግራ ትሸጣለች። በቅጹ ላይ «በፊት ገቢ አልነበራትም፤ በኋላ ገቢ አገኘች» ተብሎ ተሞልቷል። ውሸት አይደለም። እሷ ስትናገር ግን፣ ለሰፈሩ ጥሩ ጥሩውን ሸጣ ለራሷ ልጆች የሚቀረው ማሟሻው ነው። ነፃ የወጣሁት ዕዳ ገብቼ ነው ትላለች። መቆጠብ የጀመረችው ገንዘብ በጣም ባነሳት ወር ነው። ይህ ሁሉ ከሁለቱ ሣጥን ውጭ ቀርቷል። ዕቁብንም ስናየው እንዲሁ ነው፤ መጀመሪያ ዕጣ የወጣላት ተበዳሪ ናት፣ የመጨረሻዋ ቆጣቢ ናት፣ የጣሉት ብር ግን እኩል ነው። የትኛዋ «በፊት»፣ የትኛዋ «በኋላ» ናት?

ውድ ደጋፊዎቻችን፣ ይህን የምንለው እሳቱን ለማጣጣል አይደለም። እሳቱን አይተናል፤ ያነደዳችሁትም እናንተ ናችሁ። ቅጹ ግን እሳቱ አሞቀ ይላል፤ ብርዱ ላይ ቆማ ያደረችው ሴት የለችበትም። ተቃርኖ ሁሉ ያምራል ማለታችንም አይደለም። ልጅ ተርቦ ማደሩ የሚቀረፍ ችግር እንጂ ለታሪክ ማጣፈጫ አይደለም፤ እንዲህ ያለውን ለማስጌጥ የምትጽፍ ካለች አርታኢዎቹ እንዲመልሱባት እንጠይቃለን።

ያቀረብነው ሐሳብ በቅጹ ላይ ሦስተኛ ሣጥን እንዲጨመር ነው። ጥያቄው «እስካሁን ያልታረቀልሽ ነገር ምንድን ነው?» የሚል ይሁን። መልሱ ሳይቃናና ሳይታረም ወደ ደጋፊዎች ይሂድ። መጻፍ የማትችል እህት ትናገር፤ ጸሐፊዋ ትጻፍላት፤ ከመላኩ በፊትም ይነበብላትና «አዎ፣ ያልሁት ይህን ነው» ስትል ትፈርም። የዚህ ሩብ ዓመት ቅጾች ገና አልተላኩም፤ ጉባኤው ከተስማማ ከእነሱ መጀመር ይቻላል።