ከሰበታ የሚነሳው ሐዲድ ለምን ጅቡቲ ይደርሳል?

ሰበታ ላይ የሚጀምረው የኤሌክትሪክ ባቡር ሐዲድ ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ ጅቡቲ ይገባል። ለምን ጅቡቲ? መልሱ የሚገኘው በቅኝ ገዢዎች ካርታ ላይ ነው። (ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

በ19ኛው ክፍለ ዘመን ማብቂያ ዳግማዊ ምኒልክ ወደ ባሕር ሲመለከቱ በሩ ሁሉ ተይዞ ነበር። ምጽዋና አሰብ በጣሊያን፣ ዘይላና በርበራ በብሪታንያ፣ ጅቡቲ በፈረንሳይ እጅ ነበሩ። በ1894 ምኒልክ ከጅቡቲ የሚነሳውን የመጀመሪያውን ባቡር ፈቃድ ለስዊዘርላንዳዊው አማካሪያቸው ለአልፍሬድ ኢልግ ሰጡ። ከሁለት ዓመት በኋላ የዓድዋ ድል ነፃነትን አስከበረ፤ ወደብ ግን አላስመለሰም። ሐዲዱ በ1902 ድሬዳዋን ወለደ፤ አዲስ አበባ የደረሰው ግን በ1917 ነው። ረጅም ጉዞ ነበር!

ከአዲስ አበባ በቡራዩ አድርጎ ወደ ነቀምቴ የሚዘልቀው ምዕራባዊ አቅጣጫም የራሱ ታሪክ አለው። ማዶ ያለው ሱዳን በብሪታንያ እጅ ነበር። በ1902ቱ የድንበር ውል ብሪታንያ በባሮ ወንዝ ዳር የንግድ ጣቢያ እንድታቋቁም ተፈቀደላት፤ የምዕራቡ ቡና ጋምቤላ ላይ በእንፋሎት መርከብ እየተጫነ ወደ ካርቱም ይወርድ ጀመር።

ጅቡቲ በ1977 ከፈረንሳይ ነፃ ወጣች። በ2016 የተመረቀው የሰበታ ሐዲድም መዳረሻውን ያደረገው እዚያው ወደብ ላይ ነው።