«አፈጠጠብኝ» ስለሚለው ቃል



አንድ ባለጉዳይ በአንድ ሹም ላይ አቤቱታ ሲያቀርብ «ገላመጠኝ» ብሎ ቢጽፍና «አፈጠጠብኝ» ብሎ ቢጽፍ ክሱ አንድ አይደለም። ማመልከቻውን የሚመረምር ሰው የሁለቱን ቃላት ጠባይ ካላወቀ በደሉን በትክክል ሊመዝን አይችልም።

«አፈጠጠ» የተገኘው «ፈጠጠ» ከሚለው ግስ ነው። ፈጠጠ ማለት ዐይን ከጕድጓዱ ወጣ፤ ጎልቶ ታየ ማለት ሲሆን፤ ስለ ጥርስ በሆነ ጊዜ ደግሞ «ገጠጠ» እንላለን። ስለዚህም ሊሸሸግ የማይቻለውን ችግር «ያፈጠጠ ያገጠጠ» የምንለው ከዚሁ የተነሣ ነው። በፈጠጠ ውስጥ ቍጣ የለም፤ ዐይኑ በተፈጥሮው የፈጠጠ የዋህ ሰው ሞልቷል። በፊቱ «አ» ሲጨመርበት ሰውየው ራሱ ዐይኑን አወጣ ማለት ይሆናል። ቢሆንም እንግዳ ያየ ሕፃንም በመደነቅ ያፈጥጣል እንጂ ተቈጥቶ አይደለም። ቍጣውን ይዛ የምትመጣው በመጨረሻ የምትቀጠለው «ብኝ» ናት፤ ይህችውም «ፈረደብኝ»፥ «ዘነበብኝ» ስንል ጕዳት በእኛ ላይ መድረሱን የምታስታውቀው ናት።

ገላመጠ ግን ይህችን ቅጥያ አይፈልግም። የገላማጩ ዐይን ከጐን መጥቶ፥ ሰውን ከላይ እስከ ታች ለክቶ ያልፋል፤ በውስጡም ከቍጣ ይልቅ ንቀት ይበዛል። በእኔ አስተያየት የሚያቈስለው ይህ ነው። የሚያፈጥጥብን ሰው ቢያንስ ቢያንስ ከሰው ቈጥሮናል።

እነሆ፥ ዐይን ከስፍራው መውጣቱን ቋንቋችን በሌላም ቃል ይነቅፈዋል። ኀፍረት የሌለውን ሰው «ዐይን አውጣ» ይለዋል፤ በታላቅ ፊት የሚቆመው ጨዋ ደግሞ «ዐይኑን ሰበረ» ይባልለታል።

ሁለቱም ወገን ባፈጠጡ ጊዜ «ተፋጠጡ» እንላለን፤ ስሙም «ፍጥጫ» ነው። በጥቅምት ወር 1955 ዓ.ም. አሜሪካና ሶቪየት ኅብረት በኩባ ስለ ተተከሉት ሚሳይሎች ለ13 ቀን የቆሙበት ሁኔታ ለዚህ ቃል የተገባ ምሳሌ ነው፤ እያንዳንዳቸው ሌላውን ለማጥፋት የሚበቃ ኀይል ነበራቸውና። ሹም በባለጉዳይ ላይ ሲያፈጥጥ ግን ፍጥጫ አይባልም፤ ባለጉዳዩ ማመልከቻውን ይዞ፥ ዐይኑን ሰብሮ ቆሟልና።