ባሕርይ የሚለውጥ የሽመና መኪና



በክፍላችን አንድ ቀን ጨዋታ ተነሥቶ ነበር። የነገርን ባሕርይ እንደ ጽሑፍ ፍቆ እንደ ገና የሚጽፍ የሽመና መኪና ቢገኝ ምን እናሠራው ነበር? አንዱ ድንጋዩን ዳቦ፣ ሌላው የባንኮ ጎቲቲን ጭቃ አስፋልት አደረገው።

እንዲህ ያለው መኪና በከፊልም ቢሆን ተሠርቷል። ፈረንሳዊው ዣካር በ1804 እ.ኤ.አ. ባወጣው መሣሪያ ትእዛዙ የሚጻፈው በካርቶን ላይ በቀዳዳ ነው። ቀዳዳ ባለበት የድሩ ክር ይነሣል፤ በሌለበት ዝቅ እንዳለ ይቀራል፤ ማጉም በመካከል ያልፋል። ካርቶኑ ሲለወጥ፣ ክሩ ያው ሆኖ ሳለ፣ አበባ የነበረው ጥለት ወፍ ይሆናል። እንግሊዛዊው ባቤጅም ይህንኑ ካርቶን ለስሌት መኪና አሰበው።

የአገራችን ሸማኔ ግን ካርቶን የለውም። ከጉድጓዱ አፍ ተቀምጦ፣ በእግሩ ድሩን እየከፈተ፣ በእጁ መወርወሪያውን እየወረወረ፣ ጥለቱን ከልቡ ቆጥሮ ያወጣዋል። እናቶቻችን ዛሬ የለበሱት ነጠላ ምስክር ነው። እንዲህ ያለውን የእጅ ሠራተኛ መስደብ ልማድ ስለ ነበረ፣ አፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. በአዋጅ ከልክለዋል።

እኛ ግን አዋጁን በታሪክ ትምህርት ተምረን፣ አንዱን ጓደኛችንን «የሸማኔ ልጅ» እያልን ሥቀንበታል። ባለፈው ቅዳሜ ይቅርታ ልንጠይቅ ከቤታቸው ሄድን። አባቱም፣ «በሉ ተቀመጡና ሞክሩት» አሉን። ተራ በተራ ተቀመጥን። አንድ ስንዝር ሳንሠራ ድሩን አራት ቦታ በጠስነው፤ እርሳቸውም ሲቋጥሩት አመሹ።