«ጓያ ሰበረው» ስለምንለው በሽታና ስለ «ኒውሮላቲሪዝም» ቃል ትርጉም

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ላይ በመጨረሻው ክፍል ተማሪዎች ስም የተደረገ ንግግር)






ለዚህ በዓል ንግግር እንድናዘጋጅ በታዘዝን ጊዜ ስለ ትምህርት ጥቅም መናገር ይቀለን ነበር። ነገር ግን ትምህርት ይጠቅማል ብሎ ከማወደስ ይልቅ፣ በትምህርት ካገኘነው አንዱን ነገር ለወላጆቻችን ማቅረብ ይሻላል ብለን አንድ ቃል መረጥን። ቃሉ «ኒውሮላቲሪዝም» ይባላል።

ቃሉ ለጆሮ ይከብዳል። ነገሩ ግን በወረታ ገበያ ለሚውል፣ በፎገራ ሜዳ ለሚያርስ ሰው እንግዳ አይደለም። በሁለት ዱላ እየተደገፈ፣ እግሮቹን እንደ መቀስ እያቆላለፈ፣ በጣቶቹ ጫፍ የሚረግጠውን ሰው ስናይ «ጓያ ሰበረው» የምንለው ይህንኑ ነው። የዛሬው አሳባችን ይህን የሐኪሞች ቃል ከእኛ አነጋገር ጋር አስተያይተን ትርጉሙንና አጠቃቀሙን መግለጥ ነው። በንግግራችን የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር መሆናቸውን አስቀድመን እናስታውቃለን።

«ስምን መልአክ ያወጣዋል» ይላሉ አባቶቻችን። የበሽታን ስም ግን የሚያወጣው ሰው ነው። ስሙ በትክክል ሲገባን ወደ መከላከያው ይመራናል፤ ሳይገባን ስንቀር ግን በሽተኛውን እናሳፍርበታለን፣ ጤነኛውንም ሳናስጠነቅቀው እንቀራለን።

ቃሉ ከሦስት ክፍል የተሠራ ነው። «ላቲሮስ» በጥንት ግሪኮች ቋንቋ የአንድ ጥራጥሬ ስም ነበር፤ ዛሬ የዕፀዋት ሊቃውንት ጓያን «ላቲረስ ሳቲቨስ» ብለው የሚጠሩት ከዚህ ወስደው ነው። መጨረሻው ላይ ያለው «ኢዝም» አንድን የሕመም ሁኔታ ያመለክታል። በ1873 ዓ.ም. የኢጣልያው ሐኪም አርናልዶ ካንታኒ ሁለቱን አጋጥሞ «ላቲሪዝም» የሚለውን ስም አወጣ፤ በእኛ አማርኛ «የጓያ ሕመም» እንደ ማለት ነው። በፊት የተጨመረው «ኒውሮ» ነርቭን ያመለክታል። ይህ ጭማሪ ያለ ምክንያት አልመጣም። በቤተ ሙከራ የጓያን ዘመዶች ፍሬ በተመገቡ እንስሳት ላይ አጥንትን የሚያጣምም ሌላ ሕመም ስለ ታየ፣ ያኛው «ኦስቲዮላቲሪዝም» ተባለ፤ ይህኛውም «የነርቭ» ተብሎ ተለየ። እንግዲህ የፎገራን ሰው እግር የያዘው ሕመም ሙሉ ስሙ ኒውሮላቲሪዝም ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር እንድታስተውሉልን እንለምናለን። «ሰበረው» ስንል አጥንት የተሰበረ ይመስላል። የበሽተኛው አጥንት ግን ደኅና ነው፤ ሥጋውም ጅማቱም አልተበጠሰም። የተጎዳው ከእግሩ ርቆ የሚገኝ ነገር ነው። ሰው ለመራመድ ሲያስብ ትእዛዙ ከአንጎል ይነሣና በረጃጅም ነርቮች አማካይነት በህብለ ሠረሠር ወርዶ ከወገብ በታች ወዳሉት ነርቮች ይደርሳል፤ እነዚያም ለእግር ጡንቻ ያስተላልፋሉ። ኒውሮላቲሪዝም የሚያጠቃው እነዚህን ከአንጎል የሚወርዱትን መልእክተኞች ነው። መልእክተኛው ሲጎድል ጡንቻው ልጓም እንዳጣ ይሆናል፤ ይገተራል፣ ይደርቃል፣ እንደ ልብ አይታዘዝም።

መልእክተኛውን የሚጎዳው ምንድን ነው? በ1964 ዓ.ም. በሕንድ አገር የሚገኙ የኬሚስትሪ ሊቃውንት ከጓያ ፍሬ ውስጥ «ቤታ ኦዳፕ» የተባለ አሚኖ አሲድ ለይተው አወጡ። በአንጎላችን ውስጥ ነርቭ ለነርቭ የሚነጋገርበት «ግሉታሜት» የሚባል ንጥረ ነገር አለ። ቤታ ኦዳፕ መልኩ ከዚህ ጋር ስለሚመሳሰል ነርቩ የራሱ መልእክት የመጣ መስሎት በሩን ይከፍትለታል። ነርቩም ከልክ በላይ ይነቃቃል፤ ካልሲየም ወደ ውስጡ ይጎርፋል፤ ይህ ሳያቋርጥ ሲቀጥል ሕዋሱ ይጎዳል፣ ይሞታልም። አሜሪካዊው ሊቅ ጆን ኦልኒ ከ1969 ዓ.ም. ጀምሮ ባደረገው ምርምር የታወቀው ይህ ዓይነቱ ጉዳት «ኤክሳይቶቶክሲሲቲ» ይባላል፤ ከመጠን ባለፈ መነቃቃት የሚመጣ መመረዝ ማለት ነው። ለፎገራ ልጅ ይህን ማስረዳት አይከብድም። ውኃ ለእርሻ ሕይወት ነው፤ ርብና ጉማራ በክረምት ሞልተው ሜዳውን ሲያጥለቀልቁ ግን ያው ውኃ ሰብሉን ያሰጥማል።

የቃሉን ትርጉም ከተረዳን፣ ከጓያ አበላል ጋር ያለውን ግንኙነት ከታሪክ እንመልከት። በጥንቱ የግሪክ ሐኪም በሂፖክራተስ ስም በሚታወቁ መጻሕፍት ውስጥ፣ ጥራጥሬ ብቻ እያዘወተሩ የበሉ ሰዎች እግራቸው እንደ ደከመ ተጽፏል። የእስፓኙ ሠዓሊ ጎያ በ1811 እና በ1812 ዓ.ም. ማድሪድን ባስጨነቀው ረሃብ ጊዜ ሕዝቡ ጓያ እየበላ ነፍሱን ማቆየቱን በሥዕል አሳይቷል፤ የሠዓሊው ስም ከእህላችን ስም ጋር መመሳሰሉ አጋጣሚ ብቻ ነው። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ፣ በ1942 ዓ.ም.፣ ዛሬ በዩክሬን ውስጥ በሚገኘው በቫፕኒያርካ የግዞት ሰፈር የታሰሩ አይሁድ ዋና ምግባቸው ጓያ እንዲሆን ተደረገ። በጥቂት ወራት ውስጥ ብዙዎች እግራቸው ተያዘ። ከእስረኞቹ አንዱ የነበረው ሐኪም አርተር ኬስለር ምክንያቱ ምግቡ መሆኑን ለይቶ አስታወቀ። ከዚህ የምንማረው፣ በሽታው የዘር ወይም የአገር አለመሆኑን ነው። ሌላ ምግብ አጥቶ ለወራት በጓያ ላይ የወደቀ ሰው ማንም ቢሆን አደጋው ያገኘዋል።

ወደ አገራችን ስንመለስ፣ የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲው የነርቭ ሐኪም ፕሮፌሰር ረዳ ተክለ ሃይማኖትና ባልደረቦቻቸው በደምቢያና በፎገራ ቤት ለቤት እየዞሩ መርምረው ውጤቱን በ1990 ዓ.ም. አሳተሙ። ከ10,000 ሰው በአማካይ 6 ሰው ታሞ አገኙ፤ በአንዳንድ ቦታ ግን ቁጥሩ እስከ 29 ይደርስ ነበር። ከዚያ በኋላ በ1990ዎቹ በወሎ፣ በደላንታና በዳውንት አገር፣ ድርቅ ሌላውን እህል ባጠፋ ጊዜ በሽታው እንደ ወረርሽኝ ተነሣ። ያንን የመረመሩት ዶክተር ኃይለኢየሱስ ጌታሁንና ጓደኞቻቸው ለእናቶቻችን ትልቅ ዋጋ ያለው ነገር አገኙ። ጓያን በንፍሮ፣ በቆሎና በእሸት ማዘውተር አደጋውን ሲያበዛ፣ ከጤፍና ከሌላ እህል ጋር ደባልቆ፣ በሽሮም ከነቅመሙ መብላት አደጋውን ይቀንሳል። ጓያ የሚጎድሉት፣ ድኝ ያለባቸው አሚኖ አሲዶች በእህል ውስጥ ስለሚገኙ፣ ድብልቁ ለሰውነት መከላከያ ይሆናል።

ታዲያ ጓያን ለምን አንተወውም? ይህን ጥያቄ የሚጠይቅ ሰው የገበሬውን ችግር አላየም። ጓያ ለጥቁር አፈር የተፈጠረ ነው። ክረምቱ ሲወጣ፣ ሩዙ ገና ሳይታጨድ በመካከሉ ይበተናል፤ በመሬቱ ውስጥ በቀረው እርጥበት ብቻ ይበቅላል። ብዙ እርሻ፣ ብዙ አረምና ማዳበሪያ አይጠይቅም። ውኃ ቢተኛበት ይችላል፤ ድርቅ ቢመጣበትም ይችላል። ለከብቱም ገለባ ይተርፋል። ሌላው ሁሉ ሲከዳ የማይከዳ እህል ስለ ሆነ፣ ድኃው የሚይዘው የመጨረሻው ገመድ ነው። በሕንድ አገር በ1961 ዓ.ም. በብዙ ክፍላተ ሀገር ሽያጩ ቢከለከልም ገበሬው መዝራቱን አልተወም። የምርምር ሰዎች መርዙ ያነሰባቸውን ዝርያዎች ለማውጣት ደክመዋል፤ በአገራችንም «ዋሴ» የተባለው ዝርያ ወጥቷል። ይሁን እንጂ መርዙ ያነሰ ነው ማለት ጨርሶ የለበትም ማለት አይደለም። ስለዚህ ጥንቃቄው በአበላሉ ላይ ነው።

እናቶቻችን ሆይ፤ ለዚህ ነገር የሚያስፈልገው ቃል በእናንተ ጓዳ አለ። «ምጥን» ትላላችሁ። እህሉን ከእህል፣ ሽሮውን ከቅመም መጥናችሁ ታዘጋጃላችሁ። ከሐኪሞቹ ምርምር የሚገኘው ምክር ባጭሩ ይኸው ነው፤ ጓያ ምጥን ይሁን። ከሌላ እህል ጋር ይደባለቅ፤ ከመቀቀሉ በፊት በውኃ ተዘፍዝፎ ይደር፤ የተዘፈዘፈበትም ውኃ ይደፋ። መርዙ በውኃ ስለሚሟሟ ከፊሉ አብሮ ይወጣል፤ ሁሉም ግን አይወጣም። ከሁሉ በላይ፣ በክፉ ቀን ሳይቀር ለብቻው ለሳምንታትና ለወራት ዋና ምግብ አይሁን። በተለይ ወጣቶች ወንዶች በብዛት ሲጠቁ ታይተዋልና፣ በጠና ሥራ ላይ ያለው ጎልማሳ ከማለዳ እስከ ማታ በጓያ ንፍሮ ብቻ እንዲውል አይተው። እግር ከበድ፣ ገተርተር ማለት ሲጀምር ጓያውን ወዲያው ትቶ ወደ ጤና ጣቢያ መሄድ ይገባል። የደረሰውን ጉዳት የሚያድን መድኃኒት የለምና፣ ዋናው ነገር አስቀድሞ መጠንቀቅ ነው።

አሁን ወደ ቃሉ አጠቃቀም እንመጣለን፤ ሦስት ነገር እናሳስባለን።

አንደኛ፣ ያነከሰውን ሁሉ «ጓያ ነው» አንበል። ፖሊዮ ብዙውን ጊዜ በልጅነት ይይዛል፤ እግሩንም ያልማል፣ ያቀጥናልም። በአንጎል ደም ሥር ምክንያት የሚመጣው ሽባነት በአብዛኛው አንዱን ወገን ይይዛል። የጓያ ሕመም ግን ሁለቱን እግር ያገትራል፤ አእምሮን አይነካም፣ የመዳሰስንም ስሜት አያጠፋም። ለይቶ መፍረድ የሐኪም ሥራ ስለ ሆነ፣ እኛ ስም ከመለጠፍ ወደ ሐኪም ማድረስ ይሻለናል።

ሁለተኛ፣ ቃሉን ከመተላለፍ ጋር አናያይዘው። አንዳንድ ሰዎች የጓያ እንፋሎት ያገኘው፣ በገለባው ላይ የተኛ፣ ወይም በማሳው ያቋረጠ ሰው ይታመማል ይላሉ። በሽታው የሚገባው በአፍ፣ በምግብ ነው። ከሰው ወደ ሰው አይተላለፍም፤ ከአባት ወደ ልጅም አይወረስም። እንፋሎቱን የሚፈራ ሰው ንፍሮውን ሳይፈራ ይበላል፤ የተሳሳተ እምነት ጉዳቱ ይህ ነው። እንዲሁም በዚህ ፍርሃት የተነሣ የበሽተኛው ልጅ ለጋብቻ ቢከለከል፣ ያለ ኃጢአቱ ተቀጣ ማለት ነው።

ሦስተኛ፣ ቃሉን መሳደቢያ አናድርገው። በገበያና በመንገድ ላይ የተቸገረውን ሰው በስሙ ፈንታ በበሽታው የሚጠሩት አሉ። ይህ ሰው አእምሮው እንደ ማናችንም የተሟላ ነው፤ እጁ ይሠራል፣ ዕድሜውም በበሽታው አያጥርም። ሸማ ይሠራል፣ ይሰፋል፣ ይነግዳል፣ ይማራል፣ ያስተምራል። የያዘው በሽታ ረሃብ ከቤቱ በገባበት ዓመት ቤተ ሰቡ ያገኘውን በመብላቱ የመጣ ነው። «በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ይባላል፤ ሰው በሽታውን የሚደብቀው ደግሞ ስሙ መሳቂያ ሲሆንበት ነው።

የተከበራችሁ ወላጆቻችን፤

ከዚህ ትምህርት ቤት በቅርቡ እንወጣለን። ከመካከላችን ሐኪም የሚሆን ይኖራል፤ በወረታ በሚገኘው የሩዝ ምርምርና ሥልጠና ማዕከል እንዳሉት የእርሻ ተመራማሪ የሚሆን ይኖራል፤ ወደ አባቱ ማሳ ተመልሶ ሩዝና ጓያ የሚዘራም ይኖራል። ለሦስቱም ይህ ቃል ሥራ ይሰጣቸዋል። ሐኪሙ ይመረምር፤ ተመራማሪው የተሻለ ዘር ያውጣ፤ ገበሬው ከጓያው ጎን ሌላ እህል በጎተራው ያኑር። ለታናናሾቻችን የምናቀርበው አደራ ቀላል ነው፤ ዛሬ ማታ ቤታችሁ ስትገቡ የሰማችሁትን ለእናታችሁና ለአያታችሁ ንገሩ። የባዕዱን ስም ማስታወስ ካቃታቸው ግድ የለም። ጓያ ለብቻው አይሁን፣ ምጥን ይሁን፤ የታመመውም ሰው በስሙ ይጠራ። ይህን ከያዙ የቃሉን ትርጉም ይዘውታል።