ድምፃቸው ሳያመልጠን እንቅዳ
(በማኅበራችን ወርኃዊ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



ሰው ሲሞትብን ድንኳን እንተክላለን፣ ሦስት ቀን እንቀመጣለን። በለቅሶው ላይ ስለ ሟቹ ስንት ጨዋታ ይነሳል! ታዲያ ያንን ሁሉ በሕይወት ሳለ ለምን አንጠይቀውም? የዛሬው ጉዳያችን ይኸው ነው፤ በተለይም የከያንያን ነገር።

እንደሚታወቀው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በ1900 ዓ.ም. ገደማ ጀርመን አገር ሳሉ ድምፃቸውን በሸክላ አስቀርጸዋል። ከመቶ ዓመት በኋላ ዛሬም ይሰማል። በዚያው ዘመን በየጠጅ ቤቱና በየሠርጉ ማሲንቆ ይዘው የዘፈኑት አብዛኞቹ አዝማሪዎች ግን ስማቸው እንኳ አልተረፈልንም። ልዩነቱ የችሎታ ብቻ አይደለም፤ አንዱ ተቀዳ፣ ሌላው አልተቀዳም።

ሸክላም ቢሆን ዘፈኑን እንጂ ሰውየውን አይነግረንም። የታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. የመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ ሲከሽፍ ከታሰሩት የክብር ዘበኛ ሰዎች አንዱ ጥላሁን ገሠሠ ነበር። ጥላሁን ዝነኛ ነውና ተጠየቀ፣ ተጻፈለት። ከኋላው ቆሞ ትራምፔት ይነፋ የነበረውንስ ማን ጠየቀው? ማን አስተማረው? ደመወዙስ ስንት ነበር? ከ1966ቱ አብዮት በኋላ ሰዓት እላፊ ሲታወጅ የምሽት ክበብ ሙዚቀኛ በምን እንጀራ በላ? ይህ ሸክላ ላይ የለም፤ በሰዎቹ አንደበት ነው ያለው።

እነሱም እየተለዩን ነው። ጥላሁን በ2001፣ ክራር ደርዳሪዋ አስናቀች ወርቁ በ2004፣ የሳክስፎኑ ጌታቸው መኩሪያ በ2008 ዓ.ም. ዐርፈዋል። ሰፈርም ይበተናል፤ በ2016 ዓ.ም. ፒያሳ ብዙ ቤት ሲፈርስ ጎን ለጎን የኖረ ጎረቤት በየአቅጣጫው ሄዷል። ደግሞም «አዝማሪ» መባል እንደ ስድብ ይቆጠር ስለነበር ሙያቸውን ከልጆቻቸው የደበቁ አሉ። እነዚህን ካልጠየቅናቸው ማንም አይነግርልንም።

ሥራው ከባድ አይደለም፣ የእጅ ስልክ ይበቃል።

አንደኛ፣ ፈቃድ ይጠየቅ። «ይህ ይቅር» ወይም «ከሞትኩ በኋላ ይሁን» ካሉ ቃላቸው ይከበር።

ሁለተኛ፣ ሲጀመር ስም፣ ቀንና ቦታ በድምፅ ይነገር።

ሦስተኛ፣ «ዘፋኝ ነበሩ?» አንበል፤ አዎ ብለው ዝም ይላሉ። «መጀመሪያ ክራር የነኩበትን ቀን እስቲ ያጫውቱን» እንበል። ከዚያ ማዳመጥ ነው። ሲያስቡም ሲተክዙም አናቋርጣቸው።

አራተኛ፣ ቃላቸው እንዳለ ይጻፍ። አዝማሪዎች እርስ በርስ የሚግባቡበት የራሳቸው ቋንቋ አላቸው፤ እናሳምር ካልን እሱ ነው ቀድሞ የሚጠፋው።

አምስተኛ፣ ትዝታ ዓመተ ምሕረት ያሳስታል። ሁለት ሰዎች አንዱን ነገር ለየብቻ ቢያወሩት ሁለቱም ይቀዳ፤ ዳኛ አንሁን።

ስድስተኛ፣ ስልክ ይሰበራል፣ ይሰረቃል። ስለዚህ አንድ ቅጂ ለቤተሰቡ፣ አንድ ለማኅበሩ፣ ከፈቀዱም አንድ ለቤተ መዛግብት ይሰጥ።

ወገኖቻችን፤ በየቤታችሁ ዘፋኝ፣ በገና ደርዳሪ፣ ተዋናይ፣ ሠዓሊ የነበረ ካለ ጠቁሙን። መቅዳት የምትፈልጉ ወጣቶች ደግሞ ስማችሁን ለማኅበሩ ጸሐፊ አስመዝግቡ። ለቀብራቸው የምናዋጣውን ያህል ጊዜ በቁማቸው እንስጣቸው።