የዐለት መታጠፍና መሰንጠቅ በከርሰ ምድር የነዳጅ ክምችት ላይ ያለው ውጤት፤ ከቦንጋ እስከ ታችኛው ኦሞ

(ለማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ የቀረበ ንግግር)



ስለ ነዳጅ ዘይት የተጻፉ መጻሕፍትንና የኩባንያ ዘገባዎችን የሚያገላብጥ ሰው «ቦንጋ» የሚለውን ስም ደጋግሞ ያገኘዋል። አንባቢው የከፋ ተወላጅ ከሆነ ልቡ ሳይመታ አይቀርም። ይሁን እንጂ ያ ቦንጋ ከናይጄሪያ ጠረፍ 120 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ ከ1000 ሜትር በሚበልጥ የባሕር ጥልቀት ሥር የሚገኝና እ.ኤ.አ. ከ2005 ጀምሮ ነዳጅ የሚወጣበት መስክ ነው። ስሙንም የወሰደው በምዕራብ አፍሪካ ባሕር ከሚጠመድ ዓሣ ነው። ከጫካውና ከቡናው ምድር ከቦንጋ ጋር የሚያገናኘው የፊደል መመሳሰል ብቻ ነው።

የስሙ ነገር በዚህ ይብቃ። ጥያቄው ግን በዚህ አያበቃም። በከፋም ሆነ በአካባቢው የሥነ ምድር ባለሙያ መዶሻውን ይዞ በታየ ቁጥር «ከዚህ መሬት በታች ነዳጅ አለ ወይ?» መባሉ የተለመደ ነው። ጥያቄው እንደ ቀልድ የሚታለፍ አይደለም። አንድ የፍለጋ ጉድጓድ በአሥር ሚሊዮኖች የሚቆጠር ዶላር ሊፈጅ ይችላል። የከፋ ደን እ.ኤ.አ. በ2010 በዩኔስኮ የባዮስፌር ጥብቅ ሥፍራነት የተመዘገበ ነው። ባለሙያው ያለ መረጃ «አለ» ቢል ሕዝቡን በከንቱ ተስፋ ይሞላዋል፤ ያለ ማስረጃ «የለም» ቢልም ሙያውን አልተወጣም። መልሱ የሚገኘው ዐለቱ እንዴት እንደ ታጠፈ፣ የት እንደ ተሰነጠቀና መቼ እንደ ተሰበረ ከመመርመር ነው።

በብዙ ሰው አእምሮ ውስጥ ነዳጅ ከመሬት በታች እንደ ሐይቅ ተንጣሎ የተኛ ነገር ሆኖ ይታያል። እውነቱ ወደ ሸክላ ገንቦ ይቀርባል። ውኃ የተሞላ ገንቦ ሳይሰበር በውጭው እንደሚያልበው ሁሉ ነዳጅም የሚኖረው በዐለቱ ቅንጣቶች መካከል ባሉ ጥቃቅን ቀዳዳዎች ውስጥ ነው። ክምችት እንዲኖር የዕፀዋትና የጥቃቅን ፍጥረታት ቅሪት የሞላበት አመንጪ ዐለት፣ ቀዳዳ ያለው አቃፊ ዐለት፣ ከላይ የማያሳልፍ ክዳን፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ወደ ላይ የሚሸሸውን ዘይትና ጋዝ የሚያስቆም ወጥመድ ያስፈልጋል። መታጠፍና መሰበር ከእነዚህ ውስጥ የማይነኩት የለም፤ አንዱን ሲሠሩ ሌላውን ሊያፈርሱ ይችላሉ።

ስለ መታጠፍ የከፋ ጓዳ ጥሩ አስተማሪ ነው። በእንሰት ቅጠል ጠቅልላ የምትጋግር ሴት ርጥቡን ቅጠል እንዳለ ብታጥፈው ይሰነጠቅባታል። ስለዚህ በመጀመሪያ እሳት ላይ ለብለብ ታደርገዋለች፤ ያን ጊዜ እንደ ጨርቅ ይተጣጠፋል። ዐለትም እንደዚሁ ነው። በጥልቀት ሙቀቱና ጫናው በበረታበት፣ ግፊቱም በዝግታ በመጣበት ሥፍራ ሳይሰበር ይታጠፋል፤ ወደ ገጸ ምድር ቀርቦ በቀዘቀዘበት ሥፍራ ግን ይሰነጠቃል። የዐለቱም ባሕርይ የራሱ ድርሻ አለው። የኖራ ድንጋይና ዶሎማይት ቶሎ ይሰነጠቃሉ፤ ሸክላማው ሼልና ጨው ግን ብዙ ጊዜ ታግሠው ይለመጣሉ። ክዳን ሆነው የሚያገለግሉትም ከዚህ የተነሣ ነው።

ንጣፎች ወደ ላይ ሲቀሰቱ፣ ዘይትና ጋዝ ከውኃ ስለሚቀልሉ ወደ ቅስቱ ጫፍ ይሰበሰባሉ። ይህ ከሁሉ የታወቀው ወጥመድ ነው። ነገር ግን ቅስቱ ዕቃ ማስቀመጫ ብቻ አይደለም፤ የዐለቱን ውስጥ ራሱን ይለውጠዋል። የታጠፈው ንጣፍ የውጭ ጀርባ ይለጠጣል፤ የውስጥ ሆዱ ይጨመቃል። ስለሆነም ስንጥቆች በጀርባው ላይ ይከፈታሉ፣ በሆዱ በኩል ይዘጋሉ። በኢራን የዛግሮስ ተራሮች ግርጌ እ.ኤ.አ. በ1908 በመስጂድ ሱለይማን ነዳጅ ሲፈልቅ፣ አቃፊው የአስማሪ የኖራ ድንጋይ ነበር። ይህ ዐለት በራሱ ዘይት የማሳለፍ ችሎታው አነስተኛ ነው። ዘይቱን ወደ ጉድጓዱ በብዛት ያመጡት በመታጠፉ የተፈጠሩት ስንጥቆች ናቸው።

የስንጥቅን ኀይል በቁጥር ማየት ይጠቅማል። አንድ አንድ ሜትር እየተራራቁ የተደረደሩ፣ እያንዳንዳቸው 0.1 ሚሊ ሜትር ብቻ የተከፈቱ ትይዩ ስንጥቆች በአንድ ደረቅ ዐለት ውስጥ አሉ እንበል። ጠቅላላ ክፍት ቦታቸው ከዐለቱ ይዘት አንድ አሥር ሺኛ ነው፤ ዘይት ለማከማቸት ከቁጥር የሚገባ አይደለም። በአቅጣጫቸው የሚኖረው አሳላፊነት ግን በስሌት 84 ሚሊዳርሲ ያህል ይደርሳል፤ ይህም ለደኅና የአሸዋ ድንጋይ የሚበቃ ነው። ምክንያቱም ፍሰቱ የሚያድገው በስንጥቁ ስፋት ኪዩብ ነው። ስፋቱ በእጥፍ ቢጨምር ፍሰቱ ስምንት እጥፍ ይሆናል፤ ወደ 0.05 ሚሊ ሜትር ቢጠብ 84ቱ ሚሊዳርሲ ወደ 10 ተኩል ይወርዳል።

ከዚህ ስሌት ውስጥ ለቁፋሮ መሐንዲሱ አስጊ የሆነ ነገር አለ። ዘይት በወጣ መጠን በከርሰ ምድር ያለው የፈሳሽ ግፊት ይቀንሳል፤ ከላይ ያለው የዐለት ጫና ግን አይቀንስም። ስለዚህ ስንጥቆቹ ይጠባሉ። በመጀመሪያው ወር እንደ ምንጭ የፈለቀ ጉድጓድ ብዙም ሳይቆይ ሊደክም ይችላል። ወይም ከታች ያለው ውኃ በዚያው ስንጥቅ ሽቅብ ሮጦ ዘይቱን በየቀዳዳው እንዳለ ትቶት ይቀድመዋል። በተሰነጠቀ ዐለት ላይ በመጀመሪያው ቀን ፍሰት ተደስቶ የክምችት መጠን ማወጅ የብዙዎች ስሕተት ነው። ሁሉም ስንጥቅ እኩል እንደማይከፈትም መታወቅ አለበት። ዛሬ በምድር ቅርፊት ላይ ካለው ትልቁ አግድም ግፊት ጋር ትይዩ የሆኑት ክፍት ሆነው ሲቆዩ፣ እርሱን የሚያቋርጡት ይጫናሉ።

ዐለቱ ተሰብሮ አንዱ ወገን ከሌላው ሲንሸራተት ደግሞ ነገሩ ይበልጥ ይወሳሰባል። ስብራት በር ነው ወይስ ግድግዳ? ሁለቱንም ይሆናል። 20 ሜትር ውፍረት ያለው የአሸዋ ድንጋይ በወፍራም ሼል መካከል ተኝቶ 30 ሜትር ወደ ታች ቢንሸራተት፣ የተቆረጠው የአሸዋ ጫፍ ከሼል ጋር ይጋጠማል፤ ዘይቱም ይታገዳል። መንሸራተቱ 10 ሜትር ብቻ ቢሆን ግን አሸዋው ከአሸዋ ጋር ስለሚገናኝ ዘይቱ ሊሻገር ይችላል፤ ያም ሆኖ በስብራቱ ላይ የተለቀለቀው ጭቃ ያግደው ይሆናል። በካርታ ላይ አንድ መስመር ያሰመረ ሰው ስብራቱን አወቅሁት ሊል አይችልም። የመንሸራተቱ መጠን፣ የጭቃው ብዛትና ስብራቱ እስከ ዛሬ የሚንቀሳቀስ መሆን አለመሆኑ መመርመር አለበት።

ጊዜም አለ። ወጥመዱ ዘይቱ ከመፍለሱ በፊት ካልተዘጋጀ፣ ውብ ሆኖ የተቀሰተ እጥፋት ባዶ ሆኖ ይገኛል። ዘይቱ ከገባ በኋላ አዲስ ስብራት ክዳኑን ቢበሳው ደግሞ ክምችቱ ሽቅብ ፈስሶ ያልቃል። በወሎ በወረኢሉ አካባቢ በገጸ ምድር የታየው የዘይት ዝቃጭ ከታች ያሉት ደለላዊ ዐለቶች ዘይት አመንጭተው እንደነበር ይመሰክራል፤ መውጫ መንገድ ማግኘቱንም ይመሰክራል። የሚያስደስትና የሚያሳዝን ዜና በአንድ ጠብታ ውስጥ ማለት ይህ ነው።

አሁን ወደ ከፋ እንመለስ። ስለ አካባቢው የሥነ ምድር አቀማመጥ መሠረታዊ ከሆኑት ሥራዎች አንዱ በ1970ዎቹ እ.ኤ.አ. በኢትዮጵያና በካናዳ ትብብር የተካሄደው የኦሞ ወንዝ ፕሮጀክት ነው። የዴቪድሰን ዘገባ እ.ኤ.አ. በ1983 በኢትዮጵያ የጂኦሎጂ ጥናት ተቋም ታትሟል፤ የኢሉባቦርን፣ የከፋን፣ የገሙ ጎፋንና የሲዳሞን ክፍሎች ያካትታል። ከእነዚህ ጥናቶች የሚገኘው ሥዕል ግልጽ ነው። ከታች ጥንታዊው የናይስና የግራናይት መሠረት አለ፤ በላዩም በአብዛኛው በቀጥታ የባዛልት ንጣፎች ተኝተዋል። በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ እሳተ ገሞራው ከ45 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ጀምሮ የፈነዳ ሲሆን፣ በአገሪቱ ከሚታወቁት የዘመኑ የእሳተ ገሞራ ዐለቶች ቀደምት ነው። በኦጋዴን ወይም በአባይ ሸለቆ እንደሚታየው ያለ ወፍራም የአሸዋና የኖራ ድንጋይ ክምር በሁለቱ መካከል እስካሁን አልታየም።

ይህን ጊዜ አንድ አድማጭ «በናይሱ ላይ እኮ ድንቅ እጥፋቶች ይታያሉ» ሊል ይችላል። እውነት ነው፤ በመንገድ ቁራጮችና በወንዝ አልጋዎች ላይ እንደ ተጠቀለለ ቅጠል የተተጣጠፈ ናይስ ሞልቷል። ነገር ግን እነዚያ እጥፋቶች ዐለቱ በታላቅ ጥልቀትና ሙቀት በነበረበት ዘመን የተሠሩ ናቸው። በዚያ ሙቀት ዘይት ቢኖር እንኳ ተቃጥሎ ያልቅ ነበር። እጥፋት ሁሉ ወጥመድ አይደለም። የጥንቱ እጥፋት ጥቅም ሌላ ነው፤ ኋላ ስምጥ ሸለቆው ሲከፈት ስብራቶቹ በየት በኩል እንዲያልፉ በአንዳንድ ሥፍራ መንገድ ጠቁሟቸዋል።

ከቦንጋ ወደ ጅማ አቅጣጫ፣ ጎጀብን ተሻግሮ፣ በቀድሞው የከፋ ክፍለ ሀገር ክልል ውስጥ በነበሩት በደልቢና በሞዬ ግን ሌላ ነገር አለ። በዚያ በባዛልት ንጣፎች መካከል የሐይቅና የረግረግ ደለል ተኝቷል፤ የከሰል ድንጋይና የዘይት ሼልም ይዟል። ስብራቶች መሬቱን ዝቅ አድርገው ጎድጓዳ ሥፍራ ስለፈጠሩ ሐይቁ ተኛ፤ ደለሉም ተጠራቀመ። አመንጪ ዐለት አለ ማለት ነው። ይሁን እንጂ ይህ ሼል በጥልቀት ተቀብሮ ስላልበሰለ ዘይቱን ገና አልለቀቀም። ድስቱ ተጥዷል፣ እሳቱ ግን አልደረሰውም። በኋላ የመጡ ስብራቶችም ንጣፉን እየቆራረጡ ከፍና ዝቅ ስላደረጉት፣ ለከሰል ቆፋሪው እንኳ ንጣፉን ተከትሎ መሄድ ቀላል አይሆንለትም።

ለነዳጅ የሚመች የስብራት ሥራ የሚፈለገው ወደ ደቡብ ሲወረድ ነው። የቀድሞው የከፋ ክፍለ ሀገር በማጂ በኩል እስከ ኦሞ ወንዝ ይደርስ ነበርና ጉዳዩ ከከፋ ታሪክ ውጭ አይደለም። በታችኛው ኦሞና በጨው ባሕር መሬቱ ወደ ምሥራቅና ወደ ምዕራብ ሲለጠጥ በአንድ ወገን በትልቅ ስብራት የተወሰኑ ያጋደሉ ጎድጓዳዎች ተፈጥረው በሐይቅና በወንዝ ደለል ተሞልተዋል። በኬንያ በሎኪቻር እ.ኤ.አ. በ2012 በንጋሚያ 1 ጉድጓድ የተገኘው ነዳጅ በእንዲህ ያለ ጎድጓዳ ውስጥ፣ ዋናውን ስብራት ተጠግቶ ነው። ይህን ተስፋ ይዞ ቱሎው ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2013 በደቡብ ኦሞ ሳቢሳ 1ን ቆፈረ። ጉድጓዱ ደኅና የአሸዋ ንጣፍ፣ የዘይትና የጋዝ ምልክት፣ ከላይም ወፍራም ሸክላማ ክዳን አሳየ። ከዚያ በኋላ የተቆፈረው ቱልቱሌ 1፣ እ.ኤ.አ. በ2014ም በጨው ባሕር በኩል የተቆፈሩት ሺመላ 1ና ጋርዲም 1 ግን ለገበያ የሚበቃ ነዳጅ አላስገኙም።

የአንድ ስምጥ ሸለቆ ሁለት ጎረቤት ጎድጓዳዎች ይህን ያህል የሚለያዩበት ምክንያት ከላይ በተነገሩት ነገሮች ውስጥ ይፈለጋል፦ የእያንዳንዱ ጎድጓዳ ጥልቀት፣ የሐይቁ ዕድሜ፣ የእሳተ ገሞራው ብዛት፣ የክዳኑ አለመበሳት። ምልክት ማየት ክምችት ማግኘት አይደለም። አራት ጉድጓዶች ባዶ መሆናቸውም የአንድን ሰፊ ሸለቆ ጥያቄ አይዘጋም።

በኦጋዴን ካሉብ እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ መጀመሪያ ቴኔኮ ኩባንያ ያገኘው ጋዝ ሁሉም ነገር በአንድ ላይ ሲሟላ ምን እንደሚመስል ያሳያል። በዚያ የካሉብና የአዲግራት የአሸዋ ድንጋዮች አቃፊ ሆነው ተገኝተዋል፤ በካሉቡ አሸዋ ላይ የቦክ ሼል ክዳን ሆኖ ተዘርግቷል። ያም ሆኖ ከግኝቱ እስከ ማምረት ያለው መንገድ ከ50 ዓመት በላይ ፈጅቶ፣ የመጀመሪያው ምዕራፍ የተመረቀው እ.ኤ.አ. በ2025 ነው።

እንግዲህ በቦንጋ ለሚጠየቀው ጥያቄ ዛሬ ሊሰጥ የሚገባው መልስ የሚከተለው ነው። በሚታወቀው መረጃ በቦንጋና በአካባቢው የነዳጅ ቁፋሮ የሚጠይቅ ምክንያት የለም። ከባዛልቱ ሥር የተሰወረ ደለል አለ የሚል ካለ፣ በመጀመሪያ የስበትና የማግኔቶቴሉሪክ ልኬት ይካሄድ፤ ይህ ሥራ መሣሪያ በትከሻ ተሸክሞ የሚሠራ፣ ዛፍ የማይቆርጥ ነው።

የስንጥቅ ዕውቀት ግን በከፋ ሥራ ፈት አይሆንም። የዳዲበን ፍል ውኃ ከሥር ሞቆ ወደ ገጸ ምድር የሚደርሰው ዐለቱ በተሰነጠቀበት በኩል ነው። ባዛልት በራሱ ደረቅ ነው፤ ውኃ የሚይዘው በስንጥቆቹ፣ በየፍሳሹ መካከል ባለው የተሰባበረ ንጣፍና አየር በበላው ክፍሉ ነው። ከስንጥቁ አምስት ሜትር የራቀ የመንደር ጉድጓድ ደረቅ ሆኖ፣ ስንጥቁን ያገኘው ሞልቶ የሚፈስበት ጊዜ አለ። በጎጀብ ቁልቁለት መንገዱ የቆረጣቸውን ግድግዳዎች በኮምፓስ እየለካ፣ የስንጥቆቹን አቅጣጫ፣ መራራቅና መከፈት መዝግቦ ካርታ የሚያወጣ ባለሙያ፣ ለነዳጅ መሐንዲሱ የሚጠቅመውን ያንኑ ልኬት ለውኃ ቆፋሪውና ለመንገድ ጠጋኙ ያስረክባል።